ተመልካች መሪዋን የሚያምናት እኛ ስላመንናት ነው

ልጆቼ፣

በቀረጻ ቦታ የማገኛችሁ ወጣቶች፣ በተለይ ሴቶቹ፣ አንድ ጥያቄ ደጋግማችሁ ትጠይቁኛላችሁ፤ «እትዬ፣ መሪ ተዋናይት የምሆነው መቼ ነው?» የሚያሳፍር ጥያቄ አይደለም። በሲኒማ ቤት በር ላይ በሚሰቀል ፖስተር የራስን ፊት ለማየት መመኘት የጤና ነው። እኔ ግን ዕድሜዬን የገፋሁት ጎረቤት፣ አክስት፣ ነርስ፣ የቤት ሠራተኛ፣ የእስረኛ እናት፣ የሟች እህት ሆኜ ነው። ልጆቼን ያስተማርኩትም በእነዚህ ሴቶች እንጀራ ነው። ስለዚህ «መቼ ነው?» ለሚለው መልስ የለኝም። «እስከዚያ ምን ልሥራ?» ብትሉኝ ግን ብዙ የምላችሁ አለኝ፤ ይህ «እስከዚያ» የምትሉት ጊዜ ለአብዛኞቻችን ሙሉ የሥራ ዘመን ነውና።

የሙያችንን ልብ አስቀድሜ ልንገራችሁ። ተመልካች መሪዋን ተዋናይት የሚያምናት እኛ ስላመንናት ነው። መርዶ የሚነገርበትን ትዕይንት አስቡ። ጎህ ሳይቀድ በር ይንኳኳል፣ እናት ከእንቅልፏ ተነስታ ትከፍታለች፣ ጎረቤቶቿ ደጃፍ ላይ ቆመዋል። ገና አንድ ቃል አልተነገረም። ተመልካቹ ግን ከእናትየው ቀድሞ አውቋል። ከማን አወቀ? ከእኛ። አንዷ ጎረቤት ዓይኗን መሬት ላይ ተክላለች፣ ሌላዋ እናትየው ብትወድቅ ለመያዝ አንድ እርምጃ ጠጋ ብላለች፣ ሦስተኛዋ ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛለች። ከዚያ በኋላ መሪዋ ስትጮኽ ጩኸቷ ቤት ያገኛል። እኛ እዚያ ደጃፍ ላይ ቆመን ተራችንን የምንጠብቅ ከሆነ ግን የዓለም ምርጥ ተዋናይት ብትጮኽም ጩኸቱ ባዶ አዳራሽ ውስጥ እንደተጮኸ ይቀራል።

በመድረክና በካሜራ መካከል ያለው ልዩነት እዚህ ላይ ነው። በቴአትር ተመልካች ዓይኑን የሚያሳርፍበትን ራሱ ይመርጣል። በፊልምና በቴሌቪዥን የሚመርጥለት ኤዲተሩ ነው። ኤዲተር ደግሞ ከባድ ነገር በተነገረ ቁጥር የሚሄደው ወደሚሰማው ሰው ፊት ነው። እዚያ ሲደርስ ፊታችሁ ላይ ምን ያገኛል? ቀጣዩን ቃለ ተውኔት በልቧ የምታነበንብ ልጅ ካገኘ ይተዋችኋል፤ ወደ መስኮቱ ወይም ወደ ሲኒው ይሄዳል። የሰማችውን ነገር ለመጀመሪያ ጊዜ የምትሰማ ሴት ካገኘ ግን ደጋግሞ ይመለስባችኋል። ሦስት መስመር ብቻ የነበራትን ልጅ ከአንድ ትዕይንት በኋላ ሰው ሁሉ በአድናቆት ሲያነሳት አይቻለሁ፤ ምስጢሩ ማዳመጧ ነበር። የራሳችሁን መስመር ብቻ በቀለም አስምራችሁ የምታጠኑ ልጆች ይህን ልብ በሉ። እናንተ የማትናገሩበት ገጽ ከምትናገሩበት ገጽ ይልቅ የእናንተ ነው።

አንድ ነገር በቅርብ ላሳያችሁ። አሁን በሕይወት ከሌሉ አንዲት ታላቅ እህታችን ጋር ተከታታይ ድራማ እንሠራ ነበር። ትዕይንቱ እናት ልጇን ከቤት የምታባርርበት ነው። እሳቸው እናት ናቸው፣ መሪዋ ልጅ ናት። የእሳቸው ወገን ተቀርጾ አለቀና ካሜራው ዞሮ የልጅቷን ፊት በቅርብ ሊቀርጽ ተዘጋጀ። ረዳት ዳይሬክተሩ በአክብሮት «እርስዎ ይረፉ፤ ቃለ ተውኔቱን እኔ አቀብላታለሁ» አላቸው። እሳቸው መልስ እንኳ አልሰጡትም። ከካሜራው ሌንስ አጠገብ፣ ልጅቷ ማየት ባለባት ከፍታ ላይ ለመሆን ጉልበታቸውን ሸብረክ አድርገው ቆሙ። ነጠላቸውን በትዕይንቱ እንዳደረጉት መልሰው አጣፉ። ከዚያም ማንም በማይቀርጻቸው ቦታ ላይ ቃሉን አንድም ሳያጓድሉ፣ እውነተኛ እንባ እያፈሰሱ ልጃቸውን አባረሩ። ቀረጻው በተደገመ ቁጥር እሳቸውም ደገሙት። ጉልበታቸውን ያማቸው እንደነበር ሁላችንም እናውቃለን። ድራማው ሲተላለፍ ሰው ሁሉ ስለ ልጅቷ ልቅሶ አወራ። በዚያ ምስል ውስጥ የእሳቸው ጥላ እንኳ የለም። ልጅቷ ግን ከዚያ በኋላ በተጠየቀችበት ሥራ ሁሉ «እሳቸው ካሉ» ትል ጀመር። የሥራ ዕድል በእኛ ሙያ የሚመጣው በአብዛኛው በዚህ መንገድ ነው። ከሽልማት መድረክ ይልቅ «እሷ ካለች ሥራው ይቀለኛል» ከሚል ባልደረባ አፍ ይመጣል። የባልደረባችሁ ፊት ሲቀረጽ ጥግ ላይ ተቀምጣችሁ ስልክ የምትነካኩ ልጆች፣ እባካችሁ፣ ስልኩን ዝጉትና ሌንሱ አጠገብ ቁሙ።

እጃችሁንም ተቆጣጠሩት። ረዳት ገጸ ባሕርይ ብዙውን ጊዜ የሆነ ነገር እየሠራች ነው የምትናገረው፤ ቡና ትቆላለች፣ ሽንኩርት ትከትፋለች፣ ልብስ ታጥፋለች። አንድ ትዕይንት ደግሞ ከተለያየ አቅጣጫ ተደጋግሞ ይቀረጻል። ጀበናውን ያነሳችሁት «አባትሽ ደውሎ ነበር» ስትሉ ከሆነ፣ በሚቀጥለውም ቀረጻ በዚያው ቃል ላይ፣ በዚያው እጅ ማንሳት አለባችሁ። አንድ ጊዜ በቀኝ፣ አንድ ጊዜ በግራ ካነሳችሁ ሁለቱ ምስሎች አይጋጠሙም፤ ምን የመሰለ ስሜት ብታሳዩም ኤዲተሩ ሊጠቀምበት አይችልም። እኔ ቤቴ ውስጥ ረከቦቴን ዘርግቼ፣ ቃሉን ከእጄ ጋር እስኪዋሐድ ድረስ እለማመዳለሁ። ሲኒው ስንት ጊዜ እንደሚቀዳ፣ ጢሱ የት እንደሚቀመጥ ሳይቀር አስቀድሜ እወስናለሁ። እጅ ሥራውን ካወቀ ፊት ነፃ ይሆናል።

አሁን ወደሚያንገበግበኝ ነገር ልምጣ። የቤት ሠራተኛ ሆናችሁ እንድትጫወቱ ትጠየቃላችሁ፤ ብዙዎቻችሁ የምትጀምሩት በዚያ ነው። ድርሰቱ ላይ ልጅቷ ከገጠር የመጣች ናት፣ አነጋገሯ ሰው ያስቃል፣ ዕቃ ትሰብራለች፣ ሻይ ውስጥ ጨው ትጨምራለች። ዳይሬክተሩም «የገጠር አነጋገር ስጪኝ» ይላል። የትኛው ገጠር? ይህን ጥያቄ ሳትፈሩ ጠይቁት። የወሎዋ ልጅ «አብሽር» ስትል የምታጽናናበት ቃና አለ፤ የጎጃሟ ልጅ ሌላ ዜማ አላት፤ አማርኛን በትምህርት ቤት የተማረችው የወላይታ ወይም የሐዲያ ልጅ ደግሞ ሌላ። ሁሉንም ደባልቃችሁ በአንድ የፌዝ ቋንቋ ስትናገሩ የየትኛዋንም አገር ልጅ አልተጫወታችሁም። ድራማው ሲተላለፍ ከሳሎኑ ጥግ ቆማ፣ አሰሪዎቿ ሲስቁ የምታይ እውነተኛ ልጅ በየቤቱ አለች። እሷን አስቡ። ይህች ልጅ ደመወዟን ለማን ትልካለች? ማታ ትምህርት ትማራለች? የምትተኛው የት ነው? ቤተሰቡ ሲጣላ ከኩሽና የምትሰማውን ነገር ለማን ትናገራለች? መልሱን ድርሰቱ ላይ ካጣችሁት ራሳችሁ ሥሩት፤ ከዚያ ሳቁ ቢመጣም ከእሷ ጋር የሚሳቅ ሳቅ ይሆናል።

በዚህ ረገድ ሃቲ ማክዳንየልን ሁሌም አስባታለሁ። አባቷ በባርነት የኖሩ ሰው ነበሩ። ጥቁር አሜሪካዊት በመሆኗ ሆሊውድ ይሰጣት የነበረው የገረድ ቦታ ነው፤ እሷም ደጋግማ ተጫወተችው። እ.ኤ.አ. በ1939 በወጣው «ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ» ውስጥ የሠራቻት ሞግዚት የቤቱን ሰው ሁሉ የምትታዘብ፣ የምትቆጣ፣ የምትመክር ሴት ሆነች። ፊልሙ በአትላንታ ሲመረቅ በዘር ክልከላው ምክንያት መገኘት አልቻለችም። እ.ኤ.አ. በየካቲት 1940 ለምርጥ ረዳት ተዋናይት የተሰጠውን ኦስካር ስታሸንፍ፣ ከጥቁሮች የመጀመሪያዋ የኦስካር ተሸላሚ ስትሆን፣ ሽልማቱ የተሰጠበት የሎስ አንጀለስ ሆቴል ጥቁሮችን የማያስተናግድ ስለነበር ከሥራ ባልደረቦቿ ተለይታ ግድግዳ ጥግ ባለ ጠረጴዛ ላይ ነበር የተቀመጠችው። ከእሷ በኋላ ሌላ ጥቁር ሴት ያንን ሽልማት ያገኘችው እ.ኤ.አ. በ1991 ነው። በሕይወት ሳለች ለመብት የሚታገሉ የራሷ ወገኖች ገረድ ሆና በመሥራቷ አጥብቀው ወቅሰዋታል፤ ወቀሳቸውም ከሜዳ የመጣ አልነበረም። እኔ ከእሷ የምወስደው ግን ይህን ነው። ጠባብ ቦታ ሲሰጣችሁ ቦታውን የሰጠውን ሰው አሠራር ታገሉ፤ በዚያ ቦታ ላይ የቆመችውን ሴት ግን አትናቋት። ሁለቱም ሥራ የእናንተ ነው።

ከዚህ ጋር የሚሄድ ሌላ ልማድ አለኝ። ድርሰት ሲመጣልኝ ብዙ ጊዜ ገጸ ባሕርይዋ ስም የላትም። «የሰናይት እናት» ወይም «ጎረቤት» ተብሎ ይጻፋል። ደራሲውን ስሟን እጠይቀዋለሁ። ካላሰበበት ራሴ አወጣላታለሁ፤ እልፍነሽ፣ ትርንጎ፣ ወይንሸት። ተመልካች ስሟን ላይሰማው ይችላል። እኔ ግን የእልፍነሽን አረማመድ ማግኘት እችላለሁ፤ የ«ጎረቤት»ን አረማመድ ግን ከየት ላምጣው?

ድምፃችሁን ሥሩበት። እኛ ያደግነው በሬዲዮ ነው። ወጋየሁ ንጋቱ «ፍቅር እስከ መቃብር»ን ሲተርክ አንድ ሰው ብቻውን መኳንንቱንም ባላገሩንም፣ ሽማግሌውንም ወጣቷንም ይሆን ነበር፤ እያንዳንዱ ሰው በትንፋሹ ይለያል። ያንን ትረካ ፈልጋችሁ ስሙት፤ ዓይናችሁን ጨፍናችሁ። የድምፅ ችሎታ በባዶ ወራትም እንጀራ ነው። ቃና ቴሌቪዥን በ2008 ዓ.ም. የውጭ ድራማዎችን በአማርኛ ድምፅ ማቅረብ ሲጀምር ስለ አገር ውስጥ ድራማ ዕጣ ብዙ ክርክር ተነስቶ ነበር፤ እኔም ሥጋት ነበረኝ፣ አሁንም ሙሉ በሙሉ አልለቀቀኝም። ይሁን እንጂ ማንም የማያውቃቸው ወጣቶች በድምፃቸው ብቻ ቤት ሲመሩ አይቻለሁና ያንን ሥራ አትናቁ። የቱርክ ተዋናይት ከንፈር የሚዘጋበትን ቅጽበት ጠብቆ የአማርኛን ዓረፍተ ነገር መጨረስ ትልቅ የማዳመጥ ትምህርት ቤት ነው። አማርኛ ግሡን መጨረሻ ላይ ስለሚያመጣ ትንፋሽን ቆጥቦ መድረስ ይጠይቃል።

ስለ አካላችሁ ደኅንነት ደግሞ ዝም አልልም። የሕንድ ፊልም የሚወዱ እናቶቻችሁ ላሊታ ፓዋርን ያውቋታል፤ ያቺ አንድ ዓይኗ ጠበብ ያለው ክፉ አማት። ላሊታ በወጣትነቷ መሪ ተዋናይት ነበረች። እ.ኤ.አ. በ1942 በአንድ ቀረጻ ላይ ተዋናዩ በጥፊ የሚመታበትን ትዕይንት ሲሠራ በእውነት አጥብቆ መታት። ፊቷ ሽባ ሆነ፣ ለዓመታት ታከመች፣ የግራ ዓይኗ ግን እንደ ቀድሞው አልተመለሰም። የመሪነት ዘመኗ በዚያ አበቃ። እሷ ግን በዚያው ዓይን ክፉ አማቶችንና ተንኮለኛ አሮጊቶችን እየተጫወተች ለአሥርት ዓመታት ቀጠለች፤ በ1987 በቴሌቪዥን በታየው «ራማያን»ም ላይ አለች። ጽናቷ ያስደንቀኛል፤ ግን ያ ጥፊ ፈጽሞ መሆን አልነበረበትም። በእኛም አገር «እውነት እንዲመስል በደንብ ምታት» የሚል ዳይሬክተር አጋጥሞኛል። ጥፊ በካሜራ ማዕዘንና በድምፅ ይሠራል። የተመታችው ተዋናይት ጭንቅላቷን በሰዓቱ ካዞረች ማንም መነካት የለበትም። ልምምድ ያልተደረገበትን ድብድብ፣ ግፊያና ውድቀት «አልሠራም» ማለት ትችላላችሁ። ሰነፍ ቢሏችሁ ይበሏችሁ።

ውል ሳትፈርሙ ቀረጻ አትግቡ። የረዳት ተዋናይት ውል ብዙ ጊዜ በቃል ነው፤ «አትጨነቂ፣ ቤተሰብ ነን» ተብሎ። ወረቀቱ ላይ መስፈር ያለበትን ልንገራችሁ። የቀረጻው ቀናት ብዛት፣ ከዚያ ካለፈ የሚጨመረው ክፍያ፣ ቅድመ ክፍያው፣ ቀሪው የሚከፈልበት ቀን፣ የምሽት ቀረጻ ከሆነ ቤት የሚያደርስ መኪና፣ ሥራው ለሌላ ጣቢያ ወይም በኢንተርኔት ሲሸጥ የእናንተ ድርሻ። «ፊልሙ ሲታይ ይከፈላል» የሚለውን አትቀበሉ፤ ያልታዩ ፊልሞች ብዙ ናቸው። አንድ ፕሮዲዩሰር ግማሹን ከፍሎኝ ቀሪውን ስጠይቀው ስልኩን አጥፍቶብኛል፤ ለልጄ ትምህርት ቤት የምከፍለው ገንዘብ ነበር። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ከዋኞችንም፣ ማለትም እንደ እኛ ያሉ ተዋንያንን፣ ባለመብት አድርጎ ያውቃል። የፈረማችሁት ወረቀት ግን ያንን መብት ሊያሳልፈው ይችላልና፣ ሕግ የሚያውቅ ሰው ሳያነበው ብዕር አታንሱ።

ሴት ልጆቼ፣ ይህን ለእናንተ ብቻ ነው የምጽፈው። ለተዋናይ መምረጫ ሆቴል ክፍል ድረስ የሚጠራ ሰው ተዋናይ እየመረጠ አይደለም። ማታ ሦስት ሰዓት ላይ «ስለ ገጸ ባሕርይዋ ብቻችንን እንነጋገር» የሚል ሰው ስለ ገጸ ባሕርይዋ አያወራም። መምረጫ በቀን፣ በቢሮ ወይም በመለማመጃ አዳራሽ፣ ከሌሎች ሰዎች ጋር ይደረጋል። መጀመሪያ ጊዜ ስትሄዱ እህት ወይም ጓደኛ ይዛችሁ ሂዱ፤ ይህን የሚከፋበት ሰው ካለ በሩን ዘግታችሁ ተመለሱ። እንዲህ ያለ ነገር የደረሰባት ልጅ ለእኔ ወይም ለማንኛዋም ታላቅ ተዋናይት ትንገር። ጥፋቱ የእሷ አይደለም። በእኛ ዘመን ዝም ማለት ጨዋነት ይመስለን ነበር፤ ዝምታችን የጠቀመው እነሱን ነው። ሴቶች መድረክ በማይወጡበት ዘመን ወንዶች የሴት ልብስ ለብሰው ይጫወቱ ነበር። በ1940ዎቹ ዓ.ም. እነ አስናቀች ወርቁ ስድቡንና ሐሜቱን ችለው መድረኩን የያዙት የኋለኞቹ ሴቶች በክብር እንዲሠሩበት ነው።

ዕድሜን በተመለከተ የምትፈሩትን አውቃለሁ። ሠላሳውን ስታልፉ የእናት ቦታ ይመጣላችኋል፤ አንዳንዴ «ልጃችሁ» የሚሆነው ተዋናይ እኩያችሁ ነው። ያበሳጫል፤ ደራስያን ለጎልማሳ ሴት የሚጽፉት ሕይወት ገና ጠባብ ነው፣ ይህንንም ባገኘኋቸው ቁጥር እነግራቸዋለሁ። ነገር ግን የረዳት ተዋናይት መንገድ ከመሪዋ ይልቅ ረጅም ሊሆን ይችላል። ቴልማ ሪተር የምትባል የኒው ዮርክ፣ የብሩክሊን ሴት ለመጀመሪያ ጊዜ በፊልም የታየችው አርባ ዓመት ካለፋት በኋላ ነው። እ.ኤ.አ. በ1947 በወጣ ፊልም ውስጥ ለገና ዕቃ ፍለጋ ሱቅ ለሱቅ ስትዞር እግሯ የዛለ እናት ሆና ጥቂት ደቂቃ ታየች፤ ስሟም በፊልሙ ላይ አልተጻፈም። የስቱዲዮው ኃላፊ ግን ያቺን ደካማ እናት አይቶ ተጨማሪ ትዕይንት እንዲጻፍላት አዘዘ። ከ1950 እስከ 1962 በወጡ ፊልሞች ስድስት ጊዜ ለኦስካር ምርጥ ረዳት ተዋናይት ታጨች። አንድም ጊዜ አላሸነፈችም። ሥራዋን ዛሬም የፊልም ተማሪዎች ያዩታል፤ ስታዳምጥ የምታደርገውን ለማየት። እኛም ጋ በጉማ የፊልም ሽልማት ረዳት ተዋናዮች የራሳቸው ዘርፍ አላቸው፤ ስትታጩ ደስ ይበላችሁ፣ ሳትታጩ ስትቀሩም በማግስቱ ልምምድ ላይ በሰዓቱ ተገኙ።

የመጨረሻው ነገር ገንዘብ ነው። ሕዝብ የሚወዳቸው ባለሙያዎች ታመው በቴሌቪዥን የሕክምና ገንዘብ ሲለመንላቸው ስንት ጊዜ አየን? ሕዝባችን እጁን ዘርግቶ ያሳክማል፣ እግዚአብሔር ይስጠው። እኔ ግን ባልደረቦቼን በዚያ ሁኔታ ማየት ልቤን ይሰብረዋል። የእኛ ገቢ በወር አይመጣም፤ ሦስት ወር ጠግበን አምስት ወር እንጠብቃለን። ስለዚህ ሥራ ባለበት ወር የሚከፈል ዕቁብ ግቡ፣ የባንክ ሒሳብ ክፈቱና ከእያንዳንዱ ክፍያ ላይ አንድ እጅ ሳትነኩ አስቀምጡ፣ እድርም ግቡ። ለምርቃት ምሽት ቀሚስ መበደር ነውር የለውም፤ እኛም ተበድረናል። ከመጀመሪያው ክፍያችሁ ጀምሩ፣ ትንሽ ናት ብላችሁ አትለፏት።